ሳይጮኹ መርዶ መቀበል፦ ስለ ሃና ሺጉላ ትወና

«የማሪያ ብራውን ጋብቻ» በተሰኘው የጀርመን ፊልም ውስጥ ዋናዋ ገጸ ባሕርይ የባሏን መርዶ የምትሰማበት ትዕይንት አለ። ጦርነቱ አብቅቷል፤ ከምርኮ የተመለሰው የጓደኛዋ ባል፣ የማሪያ ባል ሄርማን መሞቱን ይነግራታል። ማሪያ አትጮኽም፣ ደረቷን አትደቃም፣ መሬት ላይም አትወድቅም። ወደ ውሃ ቧንቧው ሄዳ ትከፍተውና የእጆቿን አንጓዎች ከሚወርደው ውሃ ሥር ትይዛቸዋለች። ከዚያም የአሜሪካ ወታደሮች ወደሚያዘወትሩት መጠጥ ቤት ትሄድና ሲቀርባት ለቆየው ወታደር ባሏ መሞቱን በአንድ አጭር ዐረፍተ ነገር ነግራው አብራው ትደንሳለች። ማሪያን ሆና የምትጫወተው ሃና ሺጉላ ናት፤ ይህ ጽሑፍም ስለ እርሷ የትወና ጉዞ ነው። የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር የተቀመጡ ናቸው።

ደብረ ብርሃን ውስጥ ከወጣቶች ጋር በማንቀሳቅሰው የተውኔት ክበብ መርዶ የሌለበት ድርሰት ቀርቦልን አያውቅም ብል ብዙም አላጋንንም። ድርሰቱ ስለ ስደት ቢሆን መርዶ አለው፤ ስለ ፍቅር ቢሆን መርዶ አለው፤ ስለ መንገድ ደኅንነት የተጻፈ እንደሆነማ መርዶው ሁለት ይሆናል። የሚያስቸግረኝ መርዶው መብዛቱ ሳይሆን አጨዋወቱ ነው፤ መርዶ ነጋሪው የበሩን ደፍ ሳያልፍ ተዋናይቷ ነጠላዋን ጥላ ትጮኻለች፣ ጎረቤት ሆነው የሚጫወቱት ደግሞ እርሷን ለመብለጥ ይጮኻሉ፣ ተመልካቹም መጀመሪያ ይደነግጣል፣ ቀጥሎ ይለምደዋል፣ በመጨረሻ ከኋላ ወንበር ሳቅ ይሰማል። ስለዚህ የማሪያ ብራውንን ትዕይንት ከላፕቶፕ ላይ በፕሮጀክተር አሳየኋቸው። ገሚሶቹ ዝም አሉ። አንዲት ጎበዝ ልጅ ግን «ይህች ሴትዮ ባሏን አትወደውም ነበር ማለት ነው» ብላ ፍርዷን ሰጠች፤ አብዛኞቹም ተስማሙላት። እኔ በዚያ ሰዓት የሰጠኋት መልስ አጭርና ደካማ ስለነበር ረዥሙን መልስ እዚህ ልጻፈው።

ሺጉላ የተወለደችው በ1943 በአውሮፓውያኑ የገና ዕለት፣ ዛሬ ፖላንድ ውስጥ በሚገኘውና በዚያን ጊዜ በጀርመን ይዞታ ሥር በነበረው የላይኛው ሲሌዥያ አካባቢ ነው። በ1945 እናቷ ይዛት ወደ ሙኒክ ተሰደደች። ወታደር የነበረው አባቷ በአሜሪካኖች ተማርኮ ቆይቶ ከቤተሰቡ ጋር የተቀላቀለው በ1948 ነው። ይህን የማነሣው ያለ ምክንያት አይደለም። ማሪያ ብራውን ባሏን የሚያውቅ ሰው ይገኝ እንደሆነ ስሙን በሰሌዳ ጽፋ ጀርባዋ ላይ አንጠልጥላ በባቡር ጣቢያ ስትመላለስ የምናየው ነገር ለተዋናይቷ ከመጽሐፍ የተገኘ ታሪክ አልነበረም፤ አባት የሚጠበቅበት ቤት ያደገች ልጅ ናት።

ተዋናይ ለመሆን ግን አልተጣደፈችም። ሁለተኛ ደረጃን ጨርሳ ፓሪስ ውስጥ በአንድ ቤተሰብ ዘንድ ልጅ እየጠበቀች ፈረንሳይኛ ተማረች፤ ከዚያ ሙኒክ ዩኒቨርሲቲ ገብታ የጀርመንኛና የሮማንስ ቋንቋዎች ጥናት ጀመረች፤ መምህርት የመሆን ዕድሏ ሰፊ ነበር። የትወና ትምህርት የጀመረችው በጎን ነው፤ እዚያም ራይነር ቬርነር ፋስቢንደር ከሚባል፣ ኋላ የማሪያ ብራውንን ፊልም ከሠራው፣ ያኔ ግን እንደ እርሷ ገና ማንም ከማያውቀው ወጣት ጋር ተገናኘች። ትምህርቱን ሳትገፋበት ተወችው። በ1967 አክሽን ቴአትር የተባለ አነስተኛ የሙኒክ ቡድን የጥንቱን የግሪክ ተውኔት «አንቲጎኔ»ን ሲያሳይ ዋናዋ ተዋናይት ጉዳት ስለደረሰባት ፋስቢንደር በምትኳ ሺጉላን አስጠራት። በዓመቱ ያ ቡድን ፈረሰና አንቲቴአተር የተባለው ተተካ፤ ይኸኛውም በአንድ መጠጥ ቤት የኋላ ክፍል የሚሠራ፣ መጋረጃም ሆነ ጌጥ የሌለው ቴአትር ነበር።

በዚህ ቦታ ላይ ትንሽ ቆም ማለት ያስፈልጋል፤ ምክንያቱም ከዚያ በኋላ ያደረገችው ሁሉ የሚመነጨው ከዚህች ጠባብ ክፍል ነው። በዚያ ዘመን የጀርመን ትልልቅ ቴአትር ቤቶች ድምፅን አጉልቶ ማውጣትን፣ ስሜትን በሙሉ ፊት ማሳየትን ያስተምሩ ነበር። የእነ ፋስቢንደር ቡድን የጀርመናዊውን ጸሐፌ ተውኔት የብሬኽትን ሐሳብ ይዞ በተቃራኒው ሄደ፤ ተዋናዩ ገጸ ባሕርይውን ለተመልካቹ ያቀርባል እንጂ በገጸ ባሕርይው ውስጥ ሰጥሞ አይጠፋም፤ ቃሉን ይናገራል፣ ግን ቃሉ ምን ያህል እንደሚያም በፊቱ አያብራራም። ይህ ለሰነፍ ተዋናይ መደበቂያ ሊሆን ይችላል፤ የዚያ ዘመን የሙከራ ፊልሞችን ያየ ሰው እንጨት ሆነው የቆሙ ብዙ ሰዎችን ያስታውሳል። ሺጉላ ላይ ግን ዝምታው ባዶ ሆኖ አይታይም። ዓይኗ ይሰማል፤ አንገቷ ይመልሳል፤ ድምፅዋ ዘገምተኛና ጥቂት እንቅልፍ የተጫነው ዓይነት ስለሆነ እያንዳንዱን ቃል አሁን ያሰበችው ይመስላል።

ለካሜራ ከሠራቻቸው ሥራዎች ቀዳሚው የዣን ማሪ ስትራውብ አጭር ፊልም ነው፤ «ሙሽራው፣ ተዋናይቷና አቃጣሪው» ይባላል፣ በ1968 ተሠራ፣ 23 ደቂቃ ነው። ሲጀምር ካሜራው ከመኪና ሆኖ ሌሊት ሴተኛ አዳሪዎች የሚቆሙበትን የሙኒክ ጎዳና እያየ ዝም ብሎ ይሄዳል፤ ማንም አይናገርም። ቀጥሎ የፈርዲናንድ ብሩክነር ሙሉ ተውኔት ወደ ጥቂት ደቂቃዎች ተጨምቆ በዚያው የአክሽን ቴአትር መድረክ ላይ ይታያል፤ ካሜራው አንድ ቦታ ተተክሎ ወደ ማንም ፊት ሳይጠጋ ሁሉንም ከሩቅ ይመለከታል። ስትራውብ ተዋናዮቹ የቃላቱን ምት እንዲጠብቁ እንጂ ስሜት እንዲያዋጡ አይፈልግም ነበር። ቅርብ ሥዕል በሌለበት፣ ማንም ፊቷን በማያጎላበት ትዕይንት ተዋናይት ምን ይቀራታል ቢባል፣ የቆመችበት ቦታና የምትንቀሳቀስበት ቅጽበት ብቻ ነው። ይህን የተማረ ሰው ኋላ ቅርብ ሥዕል ሲሰጠው እንደ ብርቅ አያባክነውም።

ለእነዚህ ሥራዎች ሜዳውን የጠረገው በ1962 ኦበርሃውዘን ከተማ ላይ 26 ወጣት ፊልም ሠሪዎች የድሮው ሲኒማ ሞቷል ብለው ያወጡት መግለጫ ነው፤ ዝርዝሩ ግን ለሌላ ቀን ይቆይ። ፋስቢንደር ከፈራሚዎቹ አንዱ አልነበረም፤ ዕድሜውም አልደረሰም። እርሱ ጥቂት ገንዘብ ከዚህም ከዚያም እያሰባሰበ በ1969 የመጀመሪያውን ረዥም ፊልሙን፣ «ፍቅር ከሞት ይቀዘቅዛል» የሚለውን፣ ሺጉላን ይዞ ሠራ። በርሊን ፌስቲቫል ላይ ተመልካቹ አጉረመረመበት። በዚያው ዓመት ክረምት ደግሞ «ካትስልማኸር»ን በ9 ቀን ቀርጾ ጨረሰ፤ ይህኛው ተሸለመ።

«ካትስልማኸር» ከደቡብ አውሮፓ ለሥራ የመጣን ሰው ባቫሪያዎች የሚሰድቡበት ቃል ነው። አንድ የግሪክ ላብ አደር፣ ራሱ ፋስቢንደር የሚጫወተው፣ ሥራ የፈቱ ወጣቶች ከቤታቸው ፊት ባለው የብረት አጥር ላይ ተደግፈው ቀኑን ሙሉ ሰው በሚያሙበት ሰፈር ይመጣል። ሐሜቱ ወደ ጥርጣሬ፣ ጥርጣሬው ወደ ዱላ ይሄዳል። ካሜራው አይንቀሳቀስም፤ ሰዎቹ በአጥሩ ላይ ቦታ ይለዋወጣሉ እንጂ። አንዳንዴ ብቻ ሁለት ሰዎች እጅ ለእጅ ተያይዘው ወደ እኛ ሲራመዱ ካሜራው ወደ ኋላ ያፈገፍግላቸዋል፣ ፒያኖም ይሰማል። ሺጉላ ማሪ የምትባለውን፣ ግሪካዊውን የምትወደውን ልጅ ሆና ትጫወታለች። ከሌሎቹ የተለየ ምንም አታደርግም፤ ያው አጥር፣ ያው አነጋገር፣ ያው መሰላቸት ነው። ነገር ግን ስለ ሰውዬው ስትናገር ፊቷ ላይ አንድ ብርሃን ይመጣል፤ የመጣበትን ቅጽበት ለመያዝ ስሞክር ሁልጊዜ ያመልጠኛል። ይህን ፊልም ለክበባችን ሳሳይ ሥራ ፈቶቹ ገና አጥሩ ላይ ሲደረደሩ አዳራሹ በሳቅ ተሞላ፤ ማንም የት እንደሚያውቃቸው መጠየቅ አላስፈለገውም።

በ1972 የተሠራውን «የፔትራ ፎን ካንት መራራ እንባ» ግን በክበባችን አላሳየሁም፤ ምክንያቱን ደብረ ብርሃንን የሚያውቅ ይገምተዋል። አንዲት ዝነኛ የልብስ ዲዛይነር ካሪን ከምትባል ወጣት ጋር በፍቅር ትወድቃለች፤ ታሪኩ በሙሉ በአንድ ክፍል ውስጥ ይካሄዳል፤ ወንድ አንድም አይታይም፣ ግድግዳውን በሞላው የፈረንሳዊው ሠዓሊ የፑሳን ሥዕል ላይ ካለው በቀር። ማርጊት ካርስተንሰን ፔትራን ሆና ታነባለች፣ ትለምናለች፣ ትሳደባለች፣ ትንበረከካለች። ካሪንን የምትጫወተው ሺጉላ አልጋ ላይ ተጋድማ መጽሔት ታገላብጣለች። ሥራዋ በሙሉ ይኸው ነው ለማለት ይቃጣል፤ ሆኖም የትዕይንቱ ሥልጣን ማን እጅ እንዳለ ሕፃን ልጅ እንኳ ይረዳል። ጨካኝ ሴት ሆና አትጫወትም፤ የተሰጣትን ተቀብላ ያልተጠየቀችውን የማትሰጥ ሴት ናት። ባሏ ከዙሪክ ሲደውልላት ድምፅዋ የሚለወጠው በጥቂቱ ነው፤ ያቺ ጥቂት ለውጥ ግን የፔትራን ቤት ታፈርሰዋለች። ሦስተኛዋ ሴት፣ ኢርም ሄርማን የምትጫወታት ጸሐፊ፣ ፊልሙ እስኪያልቅ አንድ ቃል አትናገርም። እንደ እኔ ግምት እነዚህ ሦስት ሴቶች በአንድ ክፍል ውስጥ ከሚያስተምሩት በላይ የሚያስተምር የትወና ትምህርት ቤት የለም።

እንግዲህ አንድ ነገር መሸፋፈን አይገባም። መቆጠብን ከሁሉ በላይ የተካነችው ሺጉላ ራሷ በመቆጠብ ጉዳይ ከፋስቢንደር ጋር ተጣልታለች። የቴዎዶር ፎንታነን ልቦለድ «ኤፊ ብሪስት»ን በጥቁርና ነጭ ፊልም ሲሠሩ፣ በ17 ዓመቷ ለትልቅ ሰው የተዳረችውን የኤፊን ገጸ ባሕርይ እርሷ በአንድ መንገድ፣ እርሱ በሌላ መንገድ ተረዱት። እርሱ የፈለገው በመስታወትና በመጋረጃ የታጠረች፣ የልቦለዱን ዐረፍተ ነገር የመሰለች ኤፊን ነበር፤ ታሪኩን የሚተርከውም በራሱ ድምፅ ነው። እርሷ የበለጠ ሕይወት ያላት ልጅ ትታያት ነበር። ፊልሙ በ1974 ሲወጣ የእርሱ ሐሳብ እንዳሸነፈ ግልጽ ነው፤ እጅግ ውብ፣ ትንሽም በድን የሆነ ሥራ ነው። ከዚያ በኋላ ለአራት ዓመት ያህል አብረው አልሠሩም። ለእኔ ከማንኛውም ሽልማቷ ይልቅ ይህ ጠብ ያከብራታል፤ ዝምታዋ የአለቃ ትእዛዝ ሳይሆን የራሷ ምርጫ እንደነበር የሚያሳየው እርሱ ነውና። ገና 30 ዓመት የሞላት፣ ስሟ በመነሣት ላይ ያለ ተዋናይት የሚያሠራትን ሰው ትታ መሄድ ቀላል አይደለም። በመሐሉ ከዳይሬክተር ቪም ቬንደርስ ጋር «የተሳሳተ እርምጃ»ን ሠራች፤ ጥሩ ፊልም ነው፣ በተለይም ከራይን ወንዝ በላይ ባለው የወይን ተራራ መንገድ ላይ ሰዎቹ እያወጉ የሚወጡበት ረዥም ትዕይንት።

በ1978 መጀመሪያ ፋስቢንደር «የማሪያ ብራውን ጋብቻ»ን ሊሠራ ሲነሣ በመጀመሪያ ያሰባት ዝነኛዋን ሮሚ ሽናይደርን ነበር። ሳይሳካ ሲቀር ወደ ሺጉላ ተመለሰ። የተመለሰችው ግን ያቺው አይደለችም። ማሪያ በቦምብ ውርጅብኝ መካከል ታገባለች፤ ጋብቻዋ ግማሽ ቀንና አንድ ሙሉ ሌሊት ብቻ ነው፤ ባሏ ወደ ግንባር ይሄዳል። ከዚያ በኋላ በፍርስራሽ ውስጥ ሸቀጥ ከመለዋወጥ ተነሥታ የአንድ ኩባንያ ቀኝ እጅ እስክትሆን፣ ቪላ እስክትሠራ ድረስ ጀርመን ራሷ ከጦርነቱ በኋላ እንዴት እንደተነሣች በአንዲት ሴት ልብስ፣ አቀማመጥና አነጋገር እናያለን። በመጨረሻ ሬዲዮው የ1954ቱን የዓለም ዋንጫ ፍጻሜ፣ ምዕራብ ጀርመን ሃንጋሪን 3 ለ 2 የረታችበትን ጨዋታ፣ እየጮኸ ሲያስተላልፍ ቤቷ በጋዝ ፍንዳታ ይጋያል። በ1979 የበርሊን ፌስቲቫል ሺጉላ በምርጥ ተዋናይትነት የብር ድብ ሽልማት ወሰደች።

አሁን ወደ ልጅቷ ጥያቄ ልመለስ፤ ማሪያ ባሏን አትወደውም ወይ? እኔ መንዝ ተወልጄ ያደግሁ ሰው ስለሆንሁ ለቅሶን ከጩኸቱ አይለየውም የሚለኝ ሰው ቢኖር አይገርመኝም። ነገር ግን በአገራችን ለቅሶ ላይ ሁሉም ሰው እኩል አይጮኽም። ስሟ የተጠራ አስለቃሽ ስትመጣ ልብ ብላችሁ ተመልከቷት። መሐል ትቆማለች፤ የሟቹን ሥራ፣ ዘመዱን፣ በሬውን፣ ያልጨረሰውን ቤት አንድ በአንድ በግጥም ታነሣለች፤ ሁለት ስንኝ ትልና ሕዝቡ እስኪቀበላት ትጠብቃለች፤ ሰው ሲደክመው ድምፅዋን ዝቅ ታደርጋለች፤ ገና ያልተነካውን ዘመድ አይታ በስሙ ትጠራዋለች። የእርሷ ዓይን ግን ብዙውን ጊዜ ደረቅ ነው። ብታነባ ስንኙ ይበላሽባታል፣ ምቱም ይጠፋባታል። የሚያለቅሰው ሌላው ነው፤ እርሷ የምታለቅስበትን ቦታ ለሌላው ትለቃለች። ሺጉላ ከቧንቧው ውሃ ሥር እጇን ስትይዝ የምታደርገው ይህንኑ ነው። ክበባችን ውስጥ ነጠላዋን ጥላ የምትጮኸው ልጅ ግን የተመልካቹን ድርሻ ሳይቀር ለብቻዋ ጨርሳው ትነሣለች፤ ለእርሱ የሚተርፈው ማየት ብቻ ነው።

ከማሪያ ብራውን በኋላ ያሉት የፋስቢንደር ሥራዎች በፍጥነት ይቆጠራሉ። በ1980 በ13 ክፍልና በአንድ መደምደሚያ የቀረበው የቴሌቪዥን ሥራ «በርሊን አሌክሳንደርፕላትስ» ላይ ኤቫን ተጫወተች። በ1981 «ሊሊ ማርሊን» ወጣ፤ ብዙ ገንዘብ የፈሰሰበት፣ እንደ እኔ አስተያየት ግን ከእርሷ አንገት ላይ ከተንጠለጠለው ጌጥ በላይ የማይናገር ፊልም ነው። ፋስቢንደር ሰኔ 10 ቀን 1982 በ37 ዓመቱ ሞተ። አብረው የሠሯቸው ሥራዎች ወደ 20 ይጠጋሉ።

እርሱ ሳይሞት ጀምሮ በሯን ወደ ውጭ ከፍታ ነበር። ፓሪስ መኖር ጀመረች፤ ከዣን ሉክ ጎዳር ጋር «ፓሲዮን»ን፣ ከአንጄይ ቫይዳ ጋር «ፍቅር በጀርመን»ን፣ ከማርጋሬተ ፎን ትሮታ ጋርም ሌላ ፊልም ሠራች። በ1983 በማርኮ ፌሬሪ «የፒዬራ ታሪክ» ውስጥ የኢዛቤል ዩፐር እናት ሆና ተጫውታ በካን የፊልም ፌስቲቫል ላይ የምርጥ ተዋናይት ሽልማት አገኘች። ከዚያ ሆሊውድ ጠራት። ደብረ ብርሃንም ሆነ ሸዋ ሮቢት፣ በሩ ላይ ብርድ ልብስ በተሰቀለበት ቪዲዮ ቤት ተቀምጦ የቸክ ኖሪስን «ዴልታ ፎርስ» ያየ የእኔ ዘመን ሰው ሁሉ ሃና ሺጉላን ሳያውቃት አይቷታል፤ የተጠለፈው አውሮፕላን አስተናጋጆች አለቃ እርሷ ናት። ጠላፊዎቹ የአይሁዳውያኑን ፓስፖርት እንድትለይላቸው ሲያዙዋትና ጀርመናዊት ነኝና ይህን ማድረግ አልችልም ስትላቸው፣ ፍንዳታ ለማየት ከመጣው ሕዝብ ማን ልብ አላት? ያን ፊልም በቅርቡ ደግሜ ሳየው ሁሉም በሚጮኽበት አውሮፕላን ውስጥ ድምፅዋን ያላነሣችው እርሷ ብቻ መሆኗን አየሁ።

ከዚህ በኋላ የሚመጣው ክፍል በፊልም ታሪክ መጻሕፍት ውስጥ ብዙ ቦታ አይሰጠውም። ስሟ በሁለት ክፍለ ዓለም በታወቀበት ጊዜ የታመሙ ወላጆቿን ለመንከባከብ ብላ ለዓመታት ሥራዋን ቀነሰች። እናትና አባትን መጦር በእኛ ዘንድ ወሬ የማይሆን ነገር ነው፤ የማይጦር ነው የሚወራበት። ለአንዲት ከ40 ዓመት በላይ ለሆነች ተዋናይት ግን በየዓመቱ የምታልፈው ሥራ የማይመለስ ሥራ ነው፤ የአውሮፓ ሲኒማ በዚያ ዕድሜ ላሉ ሴቶች ወንበር ይዞ አይጠብቅም። አንዳንድ ተቺዎች ይህን ጊዜ የመውደቂያዋ ዘመን አድርገው ይቆጥሩታል። እኔ አልስማማም፤ ኋላ የተጫወተቻቸውን እናቶች ያየ ሰው ያንን ጊዜ የት እንዳዋለችው ይገባዋል። በመሐሉም ዝም ብላ አልተቀመጠችም፤ መድረክ ላይ እየወጣች ዘፈን ትዘፍን ነበር። ቀደም ብሎም ሕልሞቿን በቪዲዮ ካሜራ ፊት ራሷ እየተጫወተች የቀረጸቻቸው አጫጭር ሥራዎች አሏት፤ ከረዥም ዘመን በኋላ በርሊን ውስጥ ለሕዝብ ታይተዋል።

በ2000 የሃንጋሪው ቤላ ታር «የቬርክማይስተር ኅብረ ዜማዎች» በተሰኘው ፊልሙ ውስጥ አስገባት። ይህ ሁለት ሰዓት ተኩል የሚጠጋ ፊልም በ39 ትዕይንት ብቻ የተሠራ ነው፤ አንዱ ትዕይንት ሳይቆረጥ ደቂቃዎችን ይፈጃል። ለወጣትነቷ የካሜራ ትምህርት የሚመጥን ቦታ ነበር፤ በጥቂት ደቂቃ ውስጥ ትመጣለች፣ ሻንጣ ይዛ ትለማመጣለች፣ ትስቃለች፣ ከተማይቱም ከዚያ በኋላ አደገኛ መስላ ትታየናለች።

ከሁሉ አስበልጬ የምወደው ግን በ2007 የወጣው የፋቲህ አኪን «በወዲያኛው በኩል» ነው። ሱዛነ የምትባል የጀርመን እናት ናት፤ ልጇ ኢስታንቡል ውስጥ ተገድላለች። እናቲቱ ወደ ከተማይቱ መጥታ ሆቴል ትይዛለች። ካሜራው ከክፍሉ ጣሪያ ጥግ ላይ፣ የጥበቃ ካሜራ በሚቀመጥበት ከፍታ ሆኖ ወደ ታች ያያታል። ብርሃኑ ይለወጣል፤ ቀኑ ይመሻል፤ ሴትዮዋ ትጠጣለች፣ ታለቅሳለች፣ አልጋው ላይ ትገላበጣለች፣ ግድግዳውን ትደገፋለች፣ ወለሉ ላይ ትወድቃለች። ሙዚቃ የለም፤ የሚያጽናናም ሰው የለም። እዚህ ላይ ሺጉላ እንደ እኛ ሰው ነው የምታለቅሰው፤ ምንም አትቆጥብም። የሚቆጥበው ካሜራው ነው፤ እንባዋን ሊያሳየን አይወርድም፣ ፊቷን አያጎላም። ስለዚህ ከላይ ስለ መቆጠብ የጻፍሁትን ሁሉ ይህ ትዕይንት ጥቂት ያርመዋል፤ መቆጠብ የግድ በተዋናይዋ ፊት ላይ መሆን የለበትም፤ ከዳይሬክተሩም ከካሜራ ባለሙያውም ሊመጣ ይችላል፤ አንዱ ሲቆጥብ ሌላው መልቀቅ ይችላል። ሁለቱም ሲለቁ ነው የእኛ የቴሌቪዥን ድራማ የሚሆነው፤ ተዋናይቷ ትጮኻለች፣ ካሜራው ዓይኗ ውስጥ ይገባል፣ ዋሽንትም ይጨመርበታል።

በለቅሶ ቤት ላደገ ሰው በዚያ ሆቴል ክፍል የሚከብደው እንባው አይደለም፤ ንፍሮ ይዞ የሚመጣ ጎረቤት፣ አብሮ የሚያድር ዘመድ አለመኖሩ ነው። ክበባችን ውስጥ ይህን ትዕይንት ያየችው ያቺው ልጅ «እንዴት ማንም በሩን አያንኳኳም?» ብላ ጠየቀች፤ ከዚያ ወዲህ ማሪያ ባሏን አትወደውም የሚለውን ፍርዷን ባታነሣም መድገሙን ትታዋለች። በዚያው ፊልም ሱዛነ ወንዶች ለበዓል ወደ መስጊድ ሲሄዱ በመስኮት አይታ የመሥዋዕቱ ታሪክ ሲነገራት፣ ታሪኩ በእነርሱም ዘንድ እንዳለ ታስታውሳለች። አብርሃም ልጁን ሊሠዋ የወጣበትን ታሪክ ልጇን የቀበረች እናት ስትሰማው ሺጉላ ምን ታደርጋለች? ትሰማለች፤ ሌላ ምንም አትጨምርበትም።

በ2010 በርሊን የክብር ወርቃማ ድብ ሸለማት። በ2023፣ 80 ዓመት ሊሞላት ጥቂት ሲቀራት፣ ዓለም ሁሉ ባየው «ፑር ቲንግስ» ውስጥ በመርከብ ላይ መጽሐፍ ለዋናዋ ገጸ ባሕርይ የምትሰጠውን ማርታን ተጫውታለች። ሁሉም ነገር በተጋነነበት ፊልም ውስጥ የምታደርገው ወንበሯ ላይ ተቀምጣ መገረም ብቻ ነው፤ ለእርሷ ይበቃታል።

ማየት ለሚሻ ሰው ከ«የማሪያ ብራውን ጋብቻ» እንዲጀምር እመክራለሁ፤ ታሪኩ ይስባል፣ ሁለት ሰዓት ነው፣ የእንግሊዝኛ ጽሑፍ ያለው ቅጂም አይጠፋም። ቀጥሎ «በወዲያኛው በኩል»ን ይይ። «ካትስልማኸር»ን ከጓደኛ ጋር ነው ማየት፣ ብቻውን ያሰለቻል። የስትራውብን አጭር ፊልም እነዚህን ሳያዩ ቢጀምሩት ምን እንደታየ ግራ ይገባል። አዲስ አበባ ብቅ የሚል ሰው ጎተ ኢንስቲትዩት የጀርመን ፊልም የሚያሳይበት ቀን መኖሩን ጠይቆ ቢሄድ ከላፕቶፕ እጅግ የተሻለ ነው፤ 130 ኪሎ ሜትሩን የሚያስቆጭ አይሆንም። «በርሊን አሌክሳንደርፕላትስ» ከ15 ሰዓት በላይ ስለሆነ ክረምት ገብቶ ከቤት መውጣት እስኪሰለች ይቆይ፤ የእኛ ክበብም ለሐምሌ ይዞታል፣ መብራት ከሰጡን።